መሸነፍ የማይችል ጀግና፦ የሕንድ አማልክት በአኒሜሽን ፊልም

በጁላይ 25 ቀን 2025 (እዚህ የሚጠቀሱት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) «ማሃቫታር ናርሲምሃ» የተባለ የአኒሜሽን ፊልም በሕንድ ሲኒማ ቤቶች መታየት ጀመረ። ስሙ ብቻ ትኬት የሚያሸጥ ተዋናይ የለበትም። ለዳይሬክተሩ ለአሽዊን ኩማርም የመጀመሪያ ፊልሙ ነው። የመክፈቻው ቀን ገቢ ለወሬ የሚበቃ አልነበረም። ከዚያ ግን ያየው ላላየው ይነግር ጀመር። አያቶች የልጅ ልጆቻቸውን ይዘው መጡ። ጫማቸውን አውልቀው ስለገቡ፣ በአዳራሹ ውስጥ መዝሙር ስላሰሙ ተመልካቾች በየጋዜጣው ተጻፈ። ፊልሙ ከሲኒማ ቤት ሲወርድ ገቢው ከ3 ቢሊዮን ሩፒ አልፎ ነበር። ከዚያ በፊት የትኛውም የሕንድ አኒሜሽን ይህን ያህል ገንዘብ አላየም።

ለዚህ ስኬት ብዙ ጊዜ የሚሰጡት ምክንያቶች ሁለት ናቸው። አንዱ በጃንዋሪ 2024 በአዮድያ የራማ ቤተ መቅደስ ከተመረቀ ወዲህ ይበልጥ የጋለው ሃይማኖታዊ ስሜት ነው፤ ሌላው የኮምፒዩተር ምስል መሻሻል። ሁለቱም ድርሻ አላቸው፤ ግን አይበቁም። ስሜቱ ብቻውን ቢበቃ ኖሮ በ2023 የወጣው «አዲፑሩሽ»፣ ራማን በትልቅ ተዋናይና በትልቅ ገንዘብ ያቀረበው ፊልም፣ የመሳለቂያ ርእስ ባልሆነ ነበር። በጦጣ መልክ በሚሣለው አምላክ በሃኑማን አፍ የተጨመረው የመንገድ ዳር ንግግር ሕዝቡን አስቆጥቶ አዘጋጆቹ ቃላቱን ለመቀየር ተገደዋል። የምስሉም ጉዳይ ቢሆን ያን ያህል አይደለም። የናርሲምሃ ገጸ ባሕርያት ፊት ብዙ ቦታ ላይ ድርቅ ያለ ነው፤ ከሆሊውድ ሥራ አጠገብ ቢቀመጥ የገንዘቡ ልዩነት ወዲያው ይታያል።

እኔ ምክንያቱን የምፈልገው በአተራረኩ ውስጥ ነው። የጀብዱ ፊልም ልጅን ወንበሩ ጫፍ ላይ የሚያስቀምጠው በአንድ ፍርሃት ነው፦ ጀግናው ቢሸነፍስ? የሂንዱ ገድሎች ጀግኖች ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ አማልክት፣ ወይም የአማልክት ልጆች ናቸው። አምላክ አይሸነፍም። ተመልካቹም ታሪኩን ከአያቱ ሰምቶ፣ በመጽሐፍ አይቶ፣ በየበዓሉ ሲከበር እያየ ነው ያደገው። መጨረሻውን ያውቃል። ታዲያ ምን ያጓጓል? ላለፉት 20 ዓመታት የሕንድ አኒሜሽን ሠሪዎች የሞከሩት ሁሉ፣ የተሳካውም የከሸፈውም፣ ለዚህ ጥያቄ የተሰጠ መልስ ሆኖ ይታየኛል።

የመጀመሪያው መልስ አምላኩን ሕፃን ማድረግ ነበር። በ2005 የወጣው፣ ቪ. ጂ. ሳማንት ያዘጋጀው «ሃኑማን» በሕንድ ሲኒማ ቤቶች ገበያ የቀናው የመጀመሪያው አገር በቀል አኒሜሽን ነው ማለት ይቻላል። እውነት ለመናገር ሥዕሉ ቀላል ነው፣ እንቅስቃሴውም ይንቀጠቀጣል። ግን ሠሪዎቹ ገጸ ባሕርያቸውን በብልሃት መርጠዋል። ሃኑማን በሕፃንነቱ ፀሐይን የበሰለ ፍሬ መስላው ሊበላት ሰማይ ላይ ይዘላል። የሰማዩ ንጉሥ ኢንድራ በመብረቁ አገጩን መትቶ ይጥለዋል። ከዚያም አማልክቱ አዝነው አንዱ ከሌላው የሚበልጥ ኃይል ይሰጡታል። ልጁ በኃይሉ የባሕታውያኑን ጸሎት እየረበሸ ሲያስቸግር ጊዜ እነሱ ይረግሙታል፦ ሌላ ሰው እስኪያስታውስህ ድረስ ኃይልህን እርሳው ይሉታል። ዓመታት ካለፉ በኋላ በባሕሩ ዳር፣ ወደ ላንካ ደሴት ማን ይሻገር እየተባለ ሁሉም አንገቱን ሲደፋ፣ የድቦቹ አለቃ ጃምባቫን ማንነቱን ያስታውሰዋል።

ይህ እርግማን ለልጆች ፊልም የተጻፈ ነው የሚያሰኝ ነው። ኃያል ነው፣ ግን አያውቀውም። አይሸነፍም፣ ግን ራሱ ይሸነፍ ይመስለዋል። የማይሸነፈውን ጀግና ሊሸነፍ የሚችል ያስመሰለው እርግማኑ ራሱ ገድሉ ውስጥ ስላለ፣ ማንም የፊልም ደራሲ ፈጠረው ተብሎ አይከሰስም።

ስኬቱ ወዲያው ተከታይ አፈራ። በ2007 ብቻ የዝሆን ራሱ አምላክ በሕፃንነቱ የሚታይበት «ባል ጋኔሽ» ወጣ፤ በዓመቱ መጨረሻ ደግሞ «የሃኑማን መመለስ»። የኋለኛውን ያዘጋጀው አኑራግ ካሽያፕ ነው፤ የወንጀልና የጎዳና ፊልም ሠሪ ተብሎ የሚታወቀው ያው ካሽያፕ። እሱ ሃኑማንን ከሰማይ አውርዶ በዛሬዋ ሕንድ ማሩቲ የሚባል የመንደር ልጅ አደረገው፤ ትምህርት ቤት ላከው፤ ጉልበተኞች የሚያስቸግሩት ጓደኛ ሰጠው። የሰማይ አማልክትን ጉዳይ በቀልድ የያዘበት ድፍረት ዛሬ ቢሆን ፈቃድ ያገኝ እንደሆነ እጠራጠራለሁ። ከዚያ በኋላ ግን ነገሩ ፋብሪካ ሆነ። ጉንጩ የሞላ፣ ዓይኑ የፈጠጠ፣ የሚደንስ ሕፃን አምላክ በየዓመቱ ይወጣል፤ ልጆቹም ሰለቹት።

ሁለተኛው መልስ ከሃይደራባድ መጣ፤ ከሁሉም ይበልጥ ብልጣብልጡ እሱ ነው። ራጂቭ ቺላካ ያቋቋመው ግሪን ጎልድ አኒሜሽን በመጀመሪያ ስለ ሕፃኑ አምላክ ስለ ክሪሽና ፊልሞች ይሠራ ነበር። በ2008 በፖጎ ቴሌቪዥን «ቾታ ቢም»ን ጀመረ፤ ትንሹ ቢም ማለት ነው። ቢም ማሃባራታ በተባለው ጥንታዊ የሕንድ ገድል ካሉት አምስት ወንድማማቾች አንዱ፣ በጉልበቱና በሆዱ የሚታወቀው ነው። የቺላካ ቢም ግን የወሰደው ስሙን፣ ጉልበቱንና የምግብ ፍቅሩን ብቻ ነው። የሚኖረው ዶላክፑር በምትባል ምናባዊ መንደር ነው። የንጉሥ ልጅ አይደለም፤ የአጎቱ ልጆች አያሳድዱትም፤ ሚሊዮኖች የሚያልቁበት ጦርነት አይጠብቀውም። ላዱ የሚባለውን ጣፋጭ ይበላል፣ ጉልበት ያገኛል፣ መንደሩን ያድናል።

እንዲህ ሲሆን ማንም አይቆጣም፤ ማንም መጨረሻውን አያውቅም። ታሪኩ ከመጽሐፍ ሳይሆን ከሳምንት ሳምንት ይፈጠራልና። ቢም በሕንድ ከየትኛውም አገር በቀል ካርቱን በላይ ታወቀ፤ በቦርሳ፣ በውኃ መያዣ፣ በቲሸርት ላይ ወጣ። በ2019 ኔትፍሊክስ ገና ዳዴ የሚል ቢምን ይዞ ንግግር የሌለው ተከታታይ ፊልም አቀረበ። ንግግር ስለሌለው የትኛውም አገር ያለ ሕፃን ያለ ትርጉም ያየዋል። ሐሳቡ የገበያ ቢሆንም ውጤቱ ጥሩ ነው፤ ከግሪን ጎልድ ሥራ ሁሉ በአኒሜሽን ጥበብ የተሻለው ይኸው ይመስለኛል።

አንድ ነገር ግን ሳይነሳ አይታለፍም። በዶላክፑር የቢም ጓደኛ የሆነችው ቹትኪ ዋና ሥራዋ ለቢም ላዱ ማቅረብ ነው። ጉልበተኛውና ቀናተኛው ልጅ ደግሞ ካሊያ ይባላል፤ ከጥቁረት ጋር የተያያዘ ስም ነው፣ መልኩም ከሌሎቹ የጠቆረ። ማሃባራታ ራሱ በንጉሡ ችሎት ፊት ቆማ ባሎቿን፣ አማቾቿንና ሕጉን የምትሞግት ድራውፓዲ አለችው። ጥንታዊው መጽሐፍ ለሴት የሰጠውን አፍ የ21ኛው ክፍለ ዘመን ካርቱን ነጥቆ በምትኩ የላዱ ሳህን አስይዟታል።

ሦስተኛው መልስ የከሸፈው ነው፤ እኔ ደግሞ ከሁሉም የማከብረው እሱን ነው። በሜይ 2012፣ የቾታ ቢም የሲኒማ ፊልም በወጣበት በዚያው ወር፣ «አርጁን፦ ተዋጊው ልዑል» ወጣ። ያቀረቡት ዩቲቪና ዋልት ዲዝኒ ናቸው፤ ያዘጋጀው አርናብ ቻውዱሪ። በማሃባራታ የቢም ወንድም የሆነውን አርጁናን ሕፃን አላደረገውም፤ ወደ ምናባዊ መንደርም አልወሰደውም። ቀስት የሚማር፣ ከወንድሞቹ ጋር የሚሰደድ፣ የሚያመነታ ሰው አደረገው። ሰው ስለሆነ ሊሸነፍ ይችላል። ቀለሙ ጥልቅ ነው፤ ጫካውና ቤተ መንግሥቱ የተሣሉበት መንገድ ከዚያ በፊት በሕንድ አኒሜሽን አልታየም። ሃያስያን አመሰገኑት፤ ሲኒማ ቤቶቹ ግን ባዶ ነበሩ።

ለምን? አዋቂው ካርቱን የልጅ ነገር ነው ብሎ ቀረ። ልጁ ደግሞ የሚያውቀውን ቢም ፈለገ፤ ላዱ የማይበላ፣ የማይደንስ፣ ፊቱን የሚያጨፈግግ ልዑል አላማለለውም። ፊልሙ በሁለቱ መሃል ወደቀ። በቀጣዩ ዓመት መጨረሻ «ማሃባራት» የተባለ ሌላ አኒሜሽን አሚታብ ባችቻንን ለቢሽማ፣ አጃይ ዴቭገንን ለአርጁና፣ ቪድያ ባላንን ለድራውፓዲ ድምፅ አድርጎ መጣ። እሱም ወደቀ፤ የዚህኛው መውደቅ ግን አያሳዝንም። ቻውዱሪ በ2019 ዐረፈ፤ ሁለተኛ የሲኒማ ፊልም ሳያወጣ። ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመታት ማንም ባለገንዘብ ለአዋቂም ለልጅም የሚሆን የገድል አኒሜሽን በሲኒማ ቤት ይሸጣል ሲባል አያምንም ነበር።

እዚህ ላይ ወደ ኋላ መመለስ ግድ ነው፤ ምክንያቱም ይህ ሁሉ ትግል ከመጀመሩ ከአሥር ዓመት በላይ አስቀድሞ አንድ ጃፓናዊ የተሻለውን ፊልም ሠርቶ ነበር። ዩጎ ሳኮ በ1983 ለዘጋቢ ፊልም ሕንድ ሄዶ የራማን ታሪክ ከሚተርከው ገድል ከራማያና ጋር ተዋወቀ፤ ወደደው፤ አኒሜሽን ሊያደርገውም ተነሳ። ወሬው በጋዜጣ ሲወጣ ቪሽቫ ሂንዱ ፓሪሻድ የተባለው የሂንዱ ድርጅት የውጭ ሰው የአገራችንን ቅርስ እንዳሻው ፊልም ሊያደርገው አይችልም ሲል የተቃውሞ ደብዳቤ ጻፈ። ሳኮ አልሸሸም፤ ሄዶ አስረዳ፣ ተግባቡ። የሕንድ መንግሥት ግን ነገሩ ስሜት ይነካል ብሎ ድጋፍ ስላልሰጠ ሥራው በዋናነት ጃፓን ውስጥ ተሠራ። የሕንድ አኒሜሽን አባት የሚባለው ራም ሞሃን ከጃፓናዊው ኮይቺ ሳሳኪ ጋር አብሮ አዘጋጀው። የሕንድ ባለሙያዎች ልብሱ እንዴት እንደሚታጠፍ፣ ሰላምታው እንዴት እንደሚሰጥ ለጃፓን ሠዓሊዎች ያሳዩ ነበር።

«ራማያና፦ የልዑል ራማ ገድል» በጃንዋሪ 1993 ኒው ዴልሂ ላይ በዓለም አቀፉ የፊልም ፌስቲቫል ታየ። በአዮድያ፣ ኋላ የራማ ቤተ መቅደስ በተሠራበት ቦታ፣ የባብሪ መስጊድ ከፈረሰ ገና ሁለት ወር አልሞላም፤ አገሪቱ በደም ግጭት ውስጥ ነበረች። ለአንድ የራማ ፊልም ከዚያ የከፋ ጊዜ አልነበረም። በሰፊው ሳይታይ ቀረ። ያዳነው ቴሌቪዥን ነው፤ በልጆች ጣቢያዎች በየበዓሉ ሲደጋገም አንድ ሙሉ ትውልድ አሳደገ። ያ ትውልድ ወላጅ ከሆነ በኋላ፣ በጃንዋሪ 2025፣ ፊልሙ ታድሶ በሂንዲ፣ በታሚልና በቴሉጉ ለመጀመሪያ ጊዜ በሕንድ ሲኒማ ቤቶች በይፋ ወጣ። ከናርሲምሃ ስድስት ወር ቀድሞ ማለት ነው። ሳኮ ይህን አላየም፤ በ2012 ሞቷል።

ሳኮ አኒሜሽንን የመረጠበት ምክንያት ዛሬም ይሠራል፦ ራማ አምላክ ስለሆነ በሥጋ ለባሽ ተዋናይ ከሚቀርብ በሥዕል ቢቀርብ ይሻላል ብሎ ያምን ነበር። በሕንድ ይህ ተራ የውበት ጥያቄ አይደለም። በ1987 በዱርዳርሻን ቴሌቪዥን የተጀመረው «ራማያን» ሲተላለፍ ሰዎች ቴሌቪዥኑን በአበባ ያስጌጡ፣ ዕጣን ያጨሱለት ነበር። ራማን የተጫወተው አሩን ጎቪል በመንገድ ሲሄድ ሰው እግሩ ላይ ይወድቅ ነበር። የራማን ሚስት ሲታን የተጫወተችው ተዋናይት በ1991 የፓርላማ አባል ሆነች፤ ራቫናን፣ ማለትም ክፉውን ንጉሥ፣ የተጫወተው ሰውዬም እንዲሁ ተመረጠ! ጎቪል ራሱ በ2024 ፓርላማ ገባ። በሳኮ ፊልም የመጀመሪያው የሂንዲ ቅጂ የራማ ድምፅም እሱ ነው። ሥዕል ቢያንስ ለምርጫ አይወዳደርም፤ በሌላ ፊልም ላይ ሰክሮ ሲደንስ አይታይም።

አሁን ወደ ናርሲምሃ እንመለስ። ታሪኩን ለማያውቅ አንባቢ በአጭሩ፦ ሂራንያካሺፑ የተባለ ኃያል የአጋንንት ንጉሥ ወንድሙን ቪሽኑ የተባለው አምላክ ስለገደለበት ለበቀል ይነሳል። በከባድ ተጋድሎ ፈጣሪውን አምላክ ብራህማን አስገድዶ ቃል ይቀበላል። ሰውም አውሬም እንዳይገድለው፤ በቀንም በሌሊትም፣ በቤት ውስጥም በውጭም፣ በምድርም በሰማይም፣ በየትኛውም የጦር መሣሪያ እንዳይሞት። ከዚያ እኔን ብቻ አምልኩ ይላል። የገዛ ልጁ ፕራህላድ ግን የቪሽኑ ወዳጅ ሆኖ ይወጣል። አባት ልጁን ከገደል ያስወረውረዋል፣ ዝሆን ያስረግጠዋል፣ እባብ ይለቅበታል፣ እሳት ከማይነካት እህቱ ከሆሊካ ጋር እሳት ውስጥ ያስገባዋል። ሆሊካ ትቃጠላለች፣ ልጁ ይወጣል። በመጨረሻ አባትየው «አምላክህ የት አለ? እዚህ ምሰሶ ውስጥም አለ?» ብሎ ምሰሶውን ሲመታው፣ ከውስጡ ግማሽ ሰው ግማሽ አንበሳ የሆነ ፍጡር ይወጣል።

ሕንዳዊ ልጅ ሁሉ ይህን ያውቃል። ቢሆንም ያጓጓል፤ ምክንያቱም ጥያቄው ከመጀመሪያውም ማን ያሸንፋል አይደለም። በቀንም በሌሊትም የማይሞት ሰው በምን ሰዓት ይሞታል? በውስጥም በውጭም ካልሆነ የት? ነገሩ በምድጃ ዙሪያ «እንቆቅልሽ» ሲባል «ምን አውቅልህ» ብሎ የሚጠብቅ ልጅ የሚያውቀው ዓይነት ጉጉት ነው፤ መልሱን ቀድሞ የሚያውቀው ልጅ ደግሞ ከሁሉም በላይ ይቁነጠነጣል። በሲኒማ ቤት ያለው ሕዝብ ከንጉሡ በስተቀር ሁሉም መልሱን ያውቃል። ሲመሻሽ፣ ደጃፉ መድረክ ላይ፣ ጭኑ ላይ አጋድሞ፣ በጥፍር። ሃኑማን ጀግናውን አስረሳው፣ ቢም ታሪኩን ጣለው፣ አርጁን ጀግናውን ሰው አደረገው። ናርሲምሃ ግን አምላኩን አምላክ እንደሆነ ትቶ፣ ጉጉቱን «እንዴት» በሚለው ላይ ጣለው። ሃምሳ ዓመት የሞላው አባትና የስምንት ዓመት ልጅ አንድ ወንበር ላይ አብረው የተቁነጠነጡት ለዚህ ይመስለኛል።

ሌላም አለ። መሸነፍ የሚችለው ጀግና በታሪኩ ውስጥ ነበር፤ እሱም ሕፃኑ ነው። ፕራህላድ ጉልበት የለውም፣ ሰይፍ አይዝም፣ ላዱ አይበላም። ያለው እምቢታ ብቻ ነው፤ እምቢታውም በገዛ አባቱ ላይ ነው። የፊልሙ ምርጥ ክፍል፣ በእኔ ግምት፣ ይኸው ነው፦ አባት ልጁን እያባበለ፣ እየተቆጣ፣ እያለቀሰም ጭምር የሚያናግርባቸው ትዕይንቶች። አንበሳው ከወጣ በኋላ ያለው ረጅም ውጊያ ያደነቁራል፤ አዳራሹን ያስጮኸው እሱ ቢሆንም። ደሙና ጩኸቱ ለትንንሽ ልጆች መክበዱን የሚያነሳ ወላጅ ተሳስቷል አልልም።

በዚያው በ2025 ቻይናዊው «ኔ ጃ 2» ከ2 ቢሊዮን ዶላር በላይ አስገብቶ በዓለም የአኒሜሽን ታሪክ አንደኛ ሆነ። እሳት እየረገጠ የሚበረው ያ አመጸኛ ልጅም የዘር ሐረጉ ሕንድ ይደርሳል። ተመራማሪዎች እንደሚሉት ኔጃ የሀብት አምላክ የኩቤራ ልጅ ከሆነው ናላኩባራ የመጣ ነው፤ በቡድሂስት መጻሕፍት በኩል ቻይና ገብቶ እዚያ አደገ። የእሱም ታሪክ ከአባቱ ጋር የሚጋጭ ልጅ ታሪክ ነው። ልዩነቱ ኔጃ ዕጣ ፈንታውን ለመቀየር የሚታገል መሆኑ ነው፤ ፕራህላድ ግን ዕጣ ፈንታውን ታምኖ ይጠብቃል። ከአገሩ ወጥቶ ከተጓዘ በኋላ ገድሉ ለፊልም ደራሲ የበለጠ ነፃነት ሰጠ ማለት ነው። በአሜሪካም ተመሳሳይ ነገር ታይቷል። የፒክሳሩ ሳንጄይ ፓቴል በ2015 «የሳንጄይ ሱፐር ቲም» የተባለውን አጭር ፊልም ሲሠራ፣ አባቱ ሲጸልይ እሱ የቴሌቪዥን ጀግኖች ላይ ያፈጠጠበትን የልጅነቱን ጠዋት ወስዶ ቪሽኑን፣ ዱርጋንና ሃኑማንን ልጁ በሚያውቃቸው ጀግኖች መልክ ሣላቸው። ሰባት ደቂቃ ብቻ ነው፤ ለኦስካር ታጨ። በሕንድ ያሉ ሠሪዎች እንዲህ እንደልባቸው መሣል አይችሉም፤ ተመልካቻቸው ጫማውን አውልቆ የሚገባ ነውና።

በነገራችን ላይ የጫማው ነገር አዲስ አይደለም። የሕንድ ሲኒማ አባት ዳዳሳሄብ ፋልኬ በ1917 «ላንካ ዳሃን»ን ሲያሳይ ራማ በመጋረጃው ላይ ብቅ ሲል ሰዎች ጫማቸውን ያወልቁ እንደነበር ይነገራል። የአገሪቱ የመጀመሪያ ሙሉ ፊልም፣ የ1913ቱ «ራጃ ሃሪሽቻንድራ»፣ ራሱ ከገድል የተወሰደ ነው። ፋልኬ ያገኘውን ተመልካች አኒሜሽኑ ለማግኘት መቶ ዓመት ያለፈው ገድሉን የልጆች ብቻ አድርጎ ስላሳነሰው ነው።

የወደፊቱ ዕቅድ ግን ያሳስበኛል። ፊልሙን ያቀረቡት ሆምባሌ ፊልምስና ክሊም ፕሮዳክሽንስ የቪሽኑን አካል መልበሶች በተከታታይ እስከ 2037 ድረስ ሊያወጡ አስበዋል። ቀጣዩ በ2027 ይወጣል የተባለው ፓራሹራማ ነው። ፓራሹራማ መጥረቢያ የያዘ፣ ከካህናቱ ወገን የሆነ ብራህሚን ነው። በአባቱ ትእዛዝ የገዛ እናቱን አንገት ይቆርጣል፣ ኋላ አባቱ በምርቃት ሕይወቷን ይመልስላታል፤ ከዚያ የተዋጊዎቹን ወገን 21 ጊዜ ከምድር ያጠፋል። እዚህ ታሪክ ውስጥ እንቆቅልሽ የለም፤ እምቢ የሚል ልጅም የለም። እንዲያውም ተቃራኒው ነው፦ አባቱ ሲያዘው እሺ ያለ ልጅ። አራቱ ወንድሞቹ እናታችንን አንገድልም ብለው የተረገሙ ናቸው፤ የፊልም ደራሲው አስተዋይ ከሆነ ካሜራውን ወደ እነሱ ያዞራል። ጥንታዊው የክሪሽና ሕፃንነት፣ ቅቤ ሰራቂው፣ ዋሽንት ነፊው፣ እስከ 2033 ተራ አልደረሰውም። ናርሲምሃን በስምንት ዓመቱ ያየ ልጅ ያን ጊዜ 16 ዓመቱ ነው።